አንድ ትንፋሽ ጨምሪ

«ድመቷን አባሩልኝ! ኧረ ድመቷን!»

የሟቹ ጎረቤት እትዬ ዣኦ ከበርጩማቸው ብድግ ብለው፣ ሊያጥፉት የያዙትን ወርቃማ ወረቀት አወናጨፉባት። ድመቷ ደንታም አልሰጣት። የለቅሶው ድንኳን ምሰሶ ሥር ቁጭ ብላ፣ ነጭ ጨርቅ የለበሰውን የሬሳ ሣጥን እያየች መዳፏን ትልሳለች። ድመት በሬሳ ሣጥን ላይ ከዘለለች ሟቹ ብድግ ብሎ ይቀመጣል፤ ይህን የማያውቅ የታይፔ ሰው የለም። ከተነሣ በኋላ ማን መልሶ እንደሚያስተኛው ግን ማንም አያውቅም።

«ይተዋት እትዬ ዣኦ» አለች ዪላን፣ ከምታጥፈው ወረቀት ቀና ሳትል። «ቢነሡ ደስ ይለኛል። ያልጨረስነው ጭቅጭቅ አለን።»

ከቀብሩ ጋር የሚቃጠለውን ወረቀት በአበባ ቅርጽ ሲያጥፉ የነበሩት ሴቶች እጃቸው ቀጥ አለ። አንዷ ሳቋን በሳል ሸፈነችው። እትዬ ዣኦ «ወይ ጉድ! ምን ዓይነቷ ናት!» ብለው ተመልሰው ተቀመጡ።

የቀለደች መስሏቸው ከሆነ ተሳስተዋል። ሣጥኑ ውስጥ ያሉት ሰው የፊልም ኤዲተር ነበሩ። ስማቸው ቱ ጂንፋ ነው፤ ሙያ ያስተማሯቸው ሁሉ ግን «ሺፉ»፣ የሙያ አባት፣ ነበር የሚሏቸው። ዪላንን ሃያ ዓመት ሙሉ አስተምረዋታል፣ ሰድበዋታል፣ ከምሳ ዕቃቸው አካፍለዋታል። ካለፈው ክረምት ወዲህ ግን የእግዜር ሰላምታ እንኳ ነፍገዋት ነበር። ዳይሬክተር ልትሆን መሆኑን ከነገረቻቸው ቀን ጀምሮ አንድም ቃል አልሰማችም። እንዲሁ እንዳኮረፏት አንድ ቀን ጠዋት ጫማቸውን ሲያስሩ ልባቸው ቆመ። ዪላን አዝናለች፤ ግን ከሐዘኗ ንዴቷ ይበልጣል። ሰው እንዴት ተኳርፎ ይሞታል?

ከሰዓት በኋላ ለቅሶ ደራሹ በዛ። ድንኳኑ ጠባቡን መንገድ ዘግቶ ስለተተከለ ሞተር ብስክሌት የያዘ ሁሉ እየወረደ፣ አንገቱን ደፍቶ ነበር የሚያልፈው። የመጣ ሰው ከሟቹ ፎቶግራፍ ፊት ይጎነበሳል፤ የዕጣን እንጨቱን ይሰካል፤ ከዚያ ሻዩን ይይዝና የሐብሐብ ፍሬ እየቆረጠመ ሐሜቱን ይጀምራል።

«ልጅ የላቸውም እኮ። ሬሳው ፊት የዕጣኑን ማሰሮ ማን ሊይዝ ነው?»

«ያቺ ከሳቸው ጋር ትሠራ የነበረችው ናት አሉ።»

«ሴት? ደግሞ በየት በኩል ዝምድናዋ?»

«እሱስ ይሁን። ዳይሬክተር እሆናለሁ ብላ ጥላቸው ሄዳ አይደል እንዴ በንዴት የሞቱት?»

«በልብ ነው የሞቱት።»

«እና ንዴት የት የሚገባ መሰለሽ?»

ዪላን አንዱም አላመለጣትም። በጆሮ ማዳመጫ የተዋናይ ሹክሹክታ ስትለይ የኖረች ሴት ናት፤ የድንኳን ሐሜት ለሷ ምንም ማለት አይደለም። ማንቆርቆሪያውን አነሣችና እየዞረች ትቀዳ ጀመር። የመጨረሻዋ ተናጋሪ ጋ ስትደርስ ጽዋውን አፉ ድረስ፣ ሊፈስ ጥቂት እስኪቀረው ሞላችላት። ለእንግዳ ሻይ እንደዚያ መሙላት «ጠጪና ውጪ» ማለት መሆኑን እዚያ ድንኳን ውስጥ ያላወቀ አልነበረም። ሴትዮዋ ፊቷ ቀላ፤ ሻዩን ሳትነካው ሄደች።

የሟቹ ባለቤት እማማ ሱሜይ ከጓዳ በር ላይ ቆመው ይህን አዩ። ቀጭን፣ አጭር፣ ከመናገር ይልቅ ማየት የሚወዱ ሴት ናቸው። ባላቸው የሞቱ ዕለት ዪላንን ወደ ጓዳ ጠርተው «ማሰሮውን አንቺ ትይዥልኛለሽ» ብለዋት ነበር። ልጅ የሌለው ሰው ፊት ለፊቱ ማሰሮ ይዞ የሚሄድለት ከሌለ መንገዱን እንደ ለማኝ ነው የሚጀምረው። ዪላን ያኔ ሳታቅማማ እሺ አለች።

እዚያ ቤት የመጣችው በአሥራ ሰባት ዓመቷ ነበር። ቤት ማለት ሺፉ ቱ የሚሠሩበት የኤዲቲንግ ክፍል ነው፤ መስኮቱ በጥቁር ጨርቅ የተጋረደ፣ ከጣሪያው ሽቦ ላይ የፊልም ቁራጭ እንደ ሩዝ ፓስታ የተንጠለጠለበት። የተቀጠረችው ወለሉን ልትጠርግ ነው። በመጀመሪያው ቀን አንድ ቁራጭ ፊልም አቀበሏትና «ምስሉ ያለው በየትኛው ገጽ ነው?» አሏት። ወደ መብራቱ አነሣችው።

«ዓይንሽን መቼ ጠየቅሁሽ?» ብለው ነጠቋትና ፊልሙን የታችኛው ከንፈራቸው ላይ አሳረፉት። «ምስል ያለበት ገጽ ከንፈር ላይ ይይዝሻል። ሌላው ይንሸራተታል። ነይ፣ ሞክሪ።»

ሞከረች። ያዛት። ከዚያ ቀን ጀምሮ መጥረጊያውን የሚይዝ ሌላ ሰው መፈለግ ነበረባቸው።

ሁለተኛውን ትምህርት ለመማር ግን ዓመታት ፈጀባት። ሺፉ በትንሿ ማሳያ ላይ አንድ ምስል ሲያዩ ቀኝ እጃቸውን ያነሡና አመልካችና መሀል ጣታቸውን እንደ መቀስ ይከፍታሉ። ጣቶቹ ሲገጥሙ እሷ መሽከርከሪያውን ታቆማለች፤ ፊልሙ የሚቆረጠው እዚያ ነው። ተዋናዩ ንግግሩን ይጨርሳል። አሁን ይላል የዪላን ሆድ። ጣቶቹ እንደተከፈቱ ናቸው። ኧረ አሁን! አይገጥሙም። ከዚያ በተዋናዩ ፊት ላይ ማንም ያልጻፈለት ነገር ብቅ ይላል፤ ምራቁን ይውጣል፣ ወይም ዓይኑን ከሚያናግረው ሰው ላይ ያሸሻል። ያኔ ጣቶቹ ይገጥማሉ።

«አንድ ትንፋሽ ጨምሪ» ይሏት ነበር። «ሰው እውነቱ የሚወጣው ተናግሮ ከጨረሰ በኋላ ነው። ዳይሬክተሮቹ ይህን አያውቁም። ገና ተዋናዩ አፉን ሳይገጥም ‹በቃ!› ብለው ይጮሁና ያቺን ትንፋሽ ያስቀሩብናል። ካልተቀረጸች ከየት ላምጣት? ከኪሴ?»

በማግስቱ አለቃ ፋንግ ለቅሶ ሊደርስ መጣ። ፕሮዲውሰር ነው፤ የዪላንን ፊልም የሚያሠራው እሱ ነው። ጥቁር መነጽሩን አውልቆ ከፎቶግራፉ ፊት በወጉ ተጎነበሰ፤ በሕይወት ሳሉ ሺፉን ይፈራቸው ስለነበር አሁንም በደንብ ሞተው እንደሆነ የሚያረጋግጥ ይመስል ነበር። ከዚያ ዪላንን ወደ ድንኳኑ ጥግ ወሰዳት።

«ሐዘኑን ቻይው። ደግሞ ደስ የሚል ነገር ይዤልሽ መጥቻለሁ። የመክፈቻው ቀን ተቆረጠ።»

መክፈቻ ማለት የቀረጻው መጀመሪያ ቀን ነው። ካሜራው ቀይ ጨርቅ ይለብሳል፣ ጠረጴዛ ላይ የተጠበሰ አሳማ ይቀርባል፣ የመጀመሪያዋን ዕጣን ዳይሬክተሩ ይለኩሳል፣ ከዚያ ጨርቁ ይገለጣል። ያለዚያ መብራት የሚያነሣ ሠራተኛ በከተማው አይገኝም።

«መቼ ነው?»

«ሐሙስ ቀትር ላይ። አዛውንቱን ሊንን፣ የቤተ መቅደሱን ቀን ቆጣሪ፣ አማክሬዋለሁ። በዚህ ወር እንደ ሐሙስ ያለ ቀን የለም አለኝ። ለሥራ ይሆናል፣ ለጉዞ ይሆናል፣ የማይሆንለት ነገር የለም።»

ዪላን ሳታስበው ሳቋ አመለጣት።

«ምን ያስቅሻል?»

«ለቀብርም ይሆናል። ለእማማ ሱሜይ ሐሙስ ጠዋትን የሰጣቸው ራሱ ሊን ነው።»

አንዱን ቀን ለሁለት ሰው ማደሉ ሊንን አላሳሰበውም፤ መልካም ቀን የሚያይበት መጽሐፍ ቀኑ ለሁለቱም መልካም ነው ይላል፣ ሊን ደግሞ መጽሐፉ ያለውን ነው የሚናገረው።

«ምንም አይደል» አለ ፋንግ። «ጠዋት ትቀብሪያለሽ፣ ቀትር ላይ ትደርሻለሽ። ብቻ ማቅ አትልበሺ። ማሰሮውንም አትያዢ። እንደማንኛውም እንግዳ ከኋላ ሆነሽ ቅበሪና ነይ።»

«ሺፉ ልጅ የላቸውም።»

«አንቺም ልጃቸው አይደለሽም! ዪላን፣ ማቅ የለበሰ ሰው ቀይ ጨርቅ ያለበት ቦታ አይደርስም። ይህን እኔ አልፈጠርኩትም። ሠራተኛው ይፈራል። ‹መብራት ይወድቃል፣ ሰው ይሞታል› ይላሉ።»

«ከለበስኩስ?»

«ከለበስሽማ ሐዘንሽን በደንብ ጨርሺ። ዳይሬክተር ሺዬ አሁን ሥራ አልያዘም። እሱ ይጀምርልሻል።»

«ይጀምርልኛል ወይስ ይወስድብኛል?»

ፋንግ መነጽሩን በሸሚዙ ጫፍ ያጸዳ ጀመር። «አንቺ እኮ ጎበዝ ኤዲተር ነሽ። ማን ያባርርሻል? ወንበርሽ እንዳለ ነው።»

ከተናገረው ሁሉ ያበገናት ይህ ነበር። ወንበርሽ እንዳለ ነው! ታሪኩን የጻፈችው እሷ ናት፤ የአውቶቡስ ትኬት ቆራጭ ስለነበረችው ታላቅ እህቷ፣ አንገቷ ላይ ፊሽካ አንጠልጥላ ወጣትነቷን በር ላይ ቆማ ስለጨረሰች ሴት። ምስል በምስል በልቧ ቀርጻ ጨርሳዋለች። ሺዬ ከያዘው መልከ መልካም ሹፌር ይጨምርበትና ፍቅር ያደርገዋል። እሷም ጨለማ ክፍል ውስጥ ወንበሯ ላይ ቁጭ ብላ ፊልሙን እየቆረጠች ትቀጥልለታለች።

«እስከ ሐሙስ አስቢበት» ብሎ ፋንግ ሄደ።

ያን ቀን ከሰዓት በኋላ ወረቀት ስታጥፍ እጇ እየተሳሳተ አስቸገራት። ለሺፉ የነገረቻቸው ቀን ትዝ አላት። ጠረጴዛቸው ላይ አቀርቅረው ነበር። «ሺፉ፣ ፊልም ልሠራ ነው። ዳይሬክተር ሆኜ» አለቻቸው። የፊልሙን ጫፍ ወደ ከንፈራቸው አስጠግተው ነበርና እንደያዙት ቀሩ፤ ምን ሊያረጋግጡ እንደነበር የረሱ ይመስላሉ። ደስ ይላቸዋል ብላ ጠብቃ ነበር። ቢያንስ ይሰድቡኛል ብላ ነበር።

«መጮህ አትችይም» አሏት በመጨረሻ። «ዳይሬክተር መጮህ አለበት።» ቀጥለውም «በሩን ዝጊው፣ አቧራ ይገባል» አሉ።

ከውስጥ ሆና ትዝጋው ወይስ ከውጪ፣ አላሏትም። ከውጪ ዘጋችው።

ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ከእማማ ሱሜይ ጋር ጓሮ ቁጢጥ ብለው ጽዋ ያጥቡ ነበር። ዪላን ያሰበችውን መናገር አቃታት፤ ግን ካልተናገረች ደግሞ ሐሙስ ይደርሳል።

«እማማ… ማሰሮውን ሌላ ሰው ቢይዝ… ማለቴ፣ የፊልሙ ቀን…»

እማማ ሱሜይ ጽዋውን አጥበው፣ አንጠፍጥፈው፣ ደፉት። «ፋንግ የነገረሽን ሰምቻለሁ። ድንኳን ግድግዳ የለውም።»

«ይቅርታ። እኔ እኮ—»

«ዝም በይና ስሚኝ። ጂንፋም ፊልም ተሰጥቶት ነበር።»

ዪላን ዞር ብላ አየቻቸው።

«የራሱ ፊልም። ዳይሬክተር ሆኖ። ገና እንደተጋባን ነው። መክፈቻው ሊደርስ ሲል እናቱ ሞተች። ሰው ሁሉ ‹ማቅ ለብሰህ እንዴት ቀይ ጨርቅ ፊት ትቆማለህ?› አለው። እሱም እሺ አለ። ጥሩ ልጅ ነበራ! ‹የሐዘኑ አርባ ዘጠኝ ቀን ይውጣና ትመለሳለህ› አሉት። አርባ ዘጠኙ ሲወጣ ፊልሙ የሌላ ሰው ሆኖ ቆየው። ያንን ፊልም ኤዲት ያደረገው ማን እንደሆነ ታውቂያለሽ?»

ዪላን አታውቅም። ግን አወቀችው።

«አዎ» አሉ እማማ ሱሜይ። «እየቆረጠ ሲቀጥል ከረመ። ከዚያ ወዲያ ማንም ‹ና፣ ዳይሬክተር ሁን› ብሎት አያውቅም። እሱም ጠይቆ አያውቅም።»

«ለምን አልነገሩኝም? ሃያ ዓመት ሙሉ!»

«ምን ብሎ? ያን ቀን አንቺ የነገርሽው ዕለት እራት አቀረብኩለት፣ አልበላም። ‹ዪላን ዳይሬክተር ልትሆን ነው› አለኝ። ‹ታዲያ ደስ አይልህም?› አልኩት። ሩዙ ፊቱ ቀዘቀዘ። ከዚያ ‹ቀናሁ ሱሜይ› አለኝ። ‹በዚህ ዕድሜዬ በልጄ ቀናሁ። አሁን በምን ዓይኔ ነው የማያት?›»

ዪላን ውሃው ውስጥ ያለ እጇን ረሳችው። ከሞቱ ቀን ጀምሮ እንባ አልወጣትም ነበር፤ የሰፈሩ ሴቶችም ይህንኑ ታዝበውባታል። አሁን ግን ፊቷ ሁሉ ተበላሸ።

«በልጄ ነው ያሉት?»

«በልጄ ነው ያለው።»

አላባበሏትም። እስኪወጣላት ጠበቁና ያልታጠበውን ጽዋ ወደሷ ገፋ አደረጉት።

«ማቁን ትለብሻለሽ። ማሰሮውን ትይዣለሽ። ከዚያ ሄደሽ ፊልምሽን ትጀምሪያለሽ። ይህ ቤት ለዚያ ቀይ ጨርቅ አንድ ሰው ሰጥቷል፤ ሁለተኛ አይሰጥም።»

«ሠራተኛው እምቢ ቢለኝስ?»

«እምቢ ካለሽ ያኔ ታለቅሺያለሽ። አሁን ጽዋውን እጠቢ።»

ረቡዕ ዕለት ካሜራማኑ አሊያንግ ድንኳኑ መጣ። ከሱ ጋር አሮጊቷ ተዋናይ እትዬ ቢሁዋ ነበሩ፤ በዪላን ፊልም የመጀመሪያው ምስል ላይ ከአውቶቡስ የሚወርዱት ባልቴት እሳቸው ናቸው። ሁለቱም ወረቀት ሊያጥፉ ተቀመጡ። የአሊያንግ አበባ ጎመን ነው የመሰለው።

ዪላን ነገሩን አላድበሰበሰችውም። «ነገ ማቅ ለብሼ ነው የምመጣው። ፋንግ ፊልሙን ሊወስድብኝ ነው፣ እኔ ደግሞ አልሰጥም። የሚፈራ ካለ ዛሬ ይንገረኝ።»

«እኔ በፊልም ስንት ጊዜ ተገድያለሁ፣ ስንት ጊዜ ተቀብሬያለሁ» አሉ እትዬ ቢሁዋ፣ የሐብሐብ ፍሬውን ቅርፊት እየተፉ። «ሞት ከኔ ጋር ሲሠራ ነው የኖረው። ምን ያስፈራኛል?»

አሊያንግ ግን አቀርቅሮ ወረቀቱን ማጠፉን ቀጠለ።

«ሚስቴ ልትወልድ ቀኗ ደርሷል» አለ ዘግየት ብሎ። «አንቺ ታውቂያለሽ፣ ሺፉን እንደ አባቴ ነው የማያቸው። የቀረጽኩት ሁሉ በእጃቸው አልፏል፤ ስንቱን ጉዴን ሸፍነውልኛል። ግን ማቅ ለሚወለድ ልጅ ክፉ ነው ይላሉ፤ ልጅ ነው ዪላን። የመጀመሪያ ልጄ ነው።»

«ገብቶኛል።»

«አልቀየምሽኝም?»

«እቀየምሃለሁ። ግን ገብቶኛል።»

ያጠፈውን ጎመን ጠረጴዛው ላይ ትቶ፣ ነገ ምን እንደሚያደርግ ሳይነግራት ሄደ።

ሐሙስ ጠዋት ዪላን ማቁን ለብሳ፣ የዕጣኑን ማሰሮ በሁለት እጇ አቅፋ ከሬሳው ፊት ወጣች። የሰፈሩ ሴቶች በየደጃፋቸው ቆመው አዩአት። ማሰሮው ካሰበችው በላይ ይከብዳል፤ ጎኑም እየጋለ ደረቷን ፈጃት። ማሰሮ የያዘ ሰው ወደ ኋላ አይዞርም፤ አልዞረችም። ከኋላዋ የለቅሶ ባንዱ ጡሩምባ እየተሳሳተ ይነፋል፤ ሺፉ ቢሰሙት ይህን ድምፅ ቆርጠው ይጥሉት ነበር ብላ አሰበች። እትዬ ዣኦ፣ ያን ሁሉ ቀን ሲያጉረመርሙባት የከረሙት፣ ከበራቸው ላይ ሆነው «ቀጥ ብለሽ ያዢው፣ እንዳይዘምብሽ!» ብለው ጮኹላት።

ተራራው ላይ ባለው መቃብር አፈሩ ተመለሰ። እማማ ሱሜይ ማቁን አውልቀውላት፣ ከሱ ላይ ትንሽ ካሬ ጨርቅ ቆርጠው በግራ ክንዷ፣ ሸሚዟ ላይ በመርፌ ቁልፍ አያያዙላት። «ሂጂ» አሉ።

ታክሲ ማቅ ያየ እንደሆነ አይቆምም። ያደረሳት የባንዱ የጭነት መኪና ነው፤ ከከበሮና ከጡሩምባው መሀል ቁጢጥ ብላ፣ የባንዱ አለቃ ከሩዝ ኬኩ እያካፈላት። ቀረጻው የሚጀመርበት አውቶቡስ ጣቢያ ጋ ስትደርስ ጠረጴዛው ተዘርግቷል፣ አሳማው ቀርቧል፣ ካሜራው ቀይ ጨርቁን ለብሶ ቆሟል። ፋንግ ከጎኑ አዛውንቱን ሊንን አቁሞታል፤ ሊን የእጅ ሰዓቱን ያያል።

ዪላን መንገዱን አልተሻገረችም። ማዶ ላይ፣ የቆመ አውቶቡስ አጠገብ ቆመች። ፋንግ አያትና ክንዷን አየ።

«አውልቂው!» አለ።

«አላወልቅም።»

«አልሰማሁሽም!»

ዪላን አየር ሳበች። ከዚያ ከሆዷ፣ ራሷ ከማታውቀው ቦታ፣ ጮኸች።

«አላወልቅም! ዕጣኑን አልነካም! ቀይ ጨርቁንም አልነካም! ወጉን አከብራለሁ፣ ማዶ እቆማለሁ! ፊልሙ ግን የኔ ነው!»

ጣቢያው ውስጥ የነበሩ ሹፌሮች ሁሉ ዞሩ። ሺፉ መጮህ አትችይም ብለዋት ነበር። እሰይ፣ አሁን ይስሙ!

አንዱ የመብራት ሠራተኛ ቦርሳውን አንሥቶ፣ ወደሷ ሳያይ ሄደ። ሌሎቹ እርስ በርሳቸው ተያዩ። ፋንግ ዕጣኑን ከጠረጴዛው አነሣ። «ጥሩ! ዛሬ እኔ እለኩሰዋለሁ፤ ነገ ሺዬ ይመጣል። አሊያንግ፣ ጨርቁን ግለጠው።»

አሊያንግ ካሜራው አጠገብ ነበር። እጁ ጨርቁ ላይ ነው። አልገለጠውም።

«አሊያንግ!»

«ጨርቅ የሚገለጠው ዳይሬክተር ሲል ነው» አለ። «ዳይሬክተሬ ማዶ ናት።»

እጅጌው ወደ ላይ ሲሰበሰብ የእጁ አንጓ ላይ ቀይ ክር ታስሮ ዪላን አየች። እሱም ማየቷን አየና ክንዱን ከፍ አደረገላት። «ሚስቴ ናት ያሰረችልኝ! ‹ክፉ ነገር ይህን አያልፍም፤ ልጄ ፈሪ አባት አይኑረው፣ ሂድ› አለችኝ!» ብሎ ጮኸ።

«ሰዓቱ ሊያልፍ ነው» አለ ሊን ሰዓቱን እያየ። «መልካሙ ሰዓት ካለፈና ካሜራው እንደተሸፈነ ከቀረ…»

«ከቀረ ምን?» አለ ፋንግ።

«እኔ መጽሐፉ ያለውን ነው የምናገረው። ፊልሙ አይጨረስም ይላል።»

ፋንግ ካሜራውን አየ፣ ዪላንን አየ፣ አሳማውን አየ። ማቅ የሚፈራ ሰው የሊንንም መጽሐፍ ይፈራል፤ ከሁለቱ ፍርሃት አንዱን መምረጥ ነበረበት። እትዬ ቢሁዋ በዝግታ ራመድ ብለው ዕጣኑን ከእጁ ወሰዱት።

«አምጣ ወዲህ። እሷ አትነካውም፤ አንተም እጅህ ይንቀጠቀጣል።» ለኮሱት፣ ስለ ራሳቸው ተጎነበሱ፣ ማዶ ስላለችውም ተጎነበሱ፣ ሰኩት። «ልጄ! ጨርቁን ይግለጠው?»

«ይግለጠው!» ብላ ጮኸች ዪላን።

ቀዩ ጨርቅ ወረደ።

«መብራት ቢወድቅ በአንቺ ነው!» አለ ፋንግ።

«በእኔ ነው!» አለችና መንገዱን ተሻገረች።

የመጀመሪያው ምስል ቀላል ነው። አውቶቡስ ይመጣል፤ ባልቴቷ ጥቅላቸውን ይዘው ይወርዳሉ፤ ትኬት ቆራጯ ፊሽካዋን ትነፋለች፤ አውቶቡሱ ይሄዳል። ጽሑፉ እዚህ ጋ ያልቃል።

አውቶቡሱ መጣ። እትዬ ቢሁዋ ወረዱ። ፊሽካው ተነፋ። አውቶቡሱ ሄደ፣ አቧራው ቀረ። ሁሉም «በቃ!» የሚለውን ቃል ጠበቀ። አሊያንግ አንድ ዓይኑን ከካሜራው ሳያነሣ በሌላው እሷን እያየ ጠበቀ።

ዪላን ቀኝ እጇን አነሣች። አመልካችና መሀል ጣቷ ተከፍተዋል። አሁን አላት ሆዷ።

«ካሜራው ውስጥ ያለው ፊልም እያለቀ ነው!» አለ ፋንግ ከኋላዋ በሹክሹክታ።

ጣቶቿ አልገጠሙም። እትዬ ቢሁዋ የሚሉት ጠፋቸው፤ የሚሠሩትም ጠፋቸው። ጥቅላቸውን ከአንዱ ክንድ ወደ ሌላው አዛወሩ። አውቶቡሱ የሄደበትን መንገድ አዩ፤ አሁን ተዋናይ አልነበሩም፣ ብቻቸውን መንገድ ላይ የቀሩ አሮጊት ነበሩ። አገጫቸው ትንሽ ተንቀጠቀጠ፤ አፋቸውን በእጃቸው ጀርባ አበሱ።

ዪላን አየሩን ሳበች። ክንዷ ላይ ያለው ማቅ ከትንፋሿ ጋር ከፍ አለ። ዓይኗ በእንባ ሞልቶ ባልቴቷ ደብዘዝ ብለው ይታዩዋታል፤ እጇ ግን ጸንቷል። ትንፋሹን እስከ መጨረሻው አወጣችው፤ ከዚያ ሁለቱን ጣቶቿን ቀስ አድርጋ ገጠመቻቸው።